ዣን ክሎድ ካሪየር፦ የስክሪፕት ጸሐፊው ድርሻ የቱ ነው?

ጥያቄ፦
ሰላም ለሁላችሁ። ሰሞኑን ስፔናዊው ዳይሬክተር ሉዊስ ቡኑኤል በፈረንሳይ የሠራቸውን ፊልሞች በቅደም ተከተል ስመለከት፣ ከ1964 (እ.ኤ.አ.) እስከ መጨረሻ ሥራው እስከ 1977 ድረስ በአብዛኞቹ ላይ የዣን ክሎድ ካሪየርን ስም አገኘሁ። ይኸው ጸሐፊ ከጀርመኑ ሽሎንዶርፍ ጋር «የቆርቆሮው ከበሮ»ን፣ ከፖላንዱ ዋይዳ ጋር ደግሞ «ዳንተን»ን ሠርቷል። ጠባያቸው ለማይገናኝ ዳይሬክተሮች ሁሉ መጻፍ ከቻለ፣ የራሱ የምንለው ነገር ምንድን ነው?

መልስ፦
የራሱ የሆነው ሙያው ነው ብዬ አምናለሁ። ካሪየር በ1931 በደቡብ ፈረንሳይ ከወይን አምራች ቤተሰብ የተወለደ፣ ታሪክ ያጠና ሰው ሲሆን፣ ወደ ሲኒማ ያስገባው የመጀመሪያ ልብ ወለዱ ነው፤ እርሱን ካሳተመ በኋላ የፈረንሳዊውን ዳይሬክተር የዣክ ታቲን ፊልሞች ወደ መጽሐፍ እንዲመልስ ተመረጠ። ታቲ ግን ሥራውን ከማስጀመሩ በፊት ፊልም እንዴት እንደሚሠራ እንድታሳየው ወደ ኤዲተሯ ሱዛን ባሮን ላከው። እርሷም ስክሪፕቱንና የፊልሙን ጥቅል ጎን ለጎን አቅርባ፣ ጣጣው ሁሉ ከዚህኛው ወደዚያኛው መሻገሩ ላይ መሆኑን ነገረችውና በኤዲቲንግ ማሽኑ ላይ ሁለቱን እያስተያየች አስተማረችው። ስክሪፕት ቀረጻው ሲያልቅ የሚጣል ወረቀት ነው የሚለውን አቋሙን እስከ መጨረሻው ይዞ የቆየው ከዚህ ተነሥቶ ይመስለኛል።

ከቡኑኤል ጋር በ1963 ሲተዋወቁ፣ አዛውንቱ አስቀድሞ የጠየቀው ወይን ይጠጣ እንደሆነ ነበር፤ መልሱ ምን እንደሚሆን ከትውልዱ መገመት አያዳግትም። ከዚያ በኋላ ሲጽፉ ሁለቱ ብቻ ራቅ ያለ ሆቴል ይገቡና፣ የቀኑ ሥራ ሲያበቃ ለግማሽ ሰዓት ያህል ተለያይተው እያንዳንዳቸው አንድ ታሪክ ፈጥረው ይገናኛሉ፤ ታሪኩ ባይረባም ግድ የለም፣ ዋናው ምናብን እንደ ጡንቻ ማሠልጠን ነበር። የ1972ቱን፣ ኦስካር ያገኘውን «የቡርዧዚው ጭምት ውበት»ን አምስት ጊዜ እንደገና ጽፈውታል።

ሌላ መልስ፦
ከላይ በተጻፈው ሙሉ በሙሉ አልስማማም፤ ሙያ ብቻ ቢሆን ኖሮ ተመሳሳይ ጉዳይ ተመላልሶ ባልመጣ ነበር። ከዳይሬክተሩ ዳንኤል ቪኝ ጋር ጽፎ ሴዛር የተባለውን የፈረንሳይ የፊልም ሽልማት ያገኘበት «የማርቲን ጌር መመለስ» (1982)፣ በ16ኛው መቶ ክፍለ ዘመን ወደ መንደሩ የተመለሰው ባል እውነተኛው ነው ወይስ አስመሳይ የሚለውን በችሎት የሚመረምር ነው። «ዳንተን»ም ችሎት አለው፤ ስክሪፕቱን አብሮ የጻፈው የ«ሲራኖ ደ ቤርዠራክ» ፊልም ጀግና ሲራኖም በሌላ ሰው አንደበት የሚያፈቅር ሰው ነው። ካሪየር ሰው በሰዎች ፊት ማንነቱን እንዲያስረዳ ሲገደድ ማየት ይወዳል።

ጠያቂው፦
ሁለታችሁንም አመሰግናለሁ። ለቴሌቪዥን የጻፋቸውስ በዚሁ ሚዛን ይታያሉ?

መልስ፦
ይልቁንም ክርክሩን የሚያጠናክሩ ናቸው። በ1992 ለቴሌቪዥን የቀረበው «የቫያዶሊድ ክርክር» የአሜሪካ ነባር ሕዝቦች እንደ ሌላው ሰው ነፍስ አላቸው ወይስ የላቸውም በሚል በ1550 የተካሄደውን ሙግት መነሻ ያደረገ ሲሆን፣ ዣን ፒየር ማሪዬል የነባሮቹን ጠበቃ ቄሱን ላስ ካሳስን፣ ዣን ሉዊ ትረንቲንያን ተቃዋሚውን ሴፑልቬዳን ሆነው ተውነዋል። ሙግቱን የሚዳኘው የሮማው ጳጳስ እንደራሴ ከባሕር ማዶ የመጡትን ሰዎች ይስቁ እንደሆነ ለመፈተን ቀልደኞች የሚያስጠራበት ትዕይንት ከብዙ ንግግር ይበልጣል፤ ጉዳዩም ነባሮቹ ሰዎች ናቸው ተብሎ ከተፈረደ በኋላ፣ በምትካቸው አፍሪካውያንን ማሠራት ይቻላል በሚል ሐሳብ ያበቃል።

ሙያውን ለማየት ከፈለጉ ግን ከጥንታዊው የህንድ ታላቅ ተረክ የተወሰደውን «ማሃባራታ»ን ይመልከቱ። ከእንግሊዛዊው የቴአትር ዳይሬክተር ከፒተር ብሩክ ጋር ለዓመታት ከደከሙበት በኋላ በ1985 በፈረንሳይዋ ከተማ በአቪኞን ዘጠኝ ሰዓት ገደማ የሚፈጅ ቴአትር ሆነ፤ በ1989 ደግሞ ከአምስት ሰዓት የሚበልጥ የቴሌቪዥን ሥራና ከእርሱ ያጠረ የሲኒማ ቅጂ ወጣው። የቴሌቪዥኑን አስቀድመው የሲኒማውን ቢያስከትሉ፣ ምን እንደተቆረጠ በግልጽ ይታያል።