ካርል ሴጋን ሳይንቲስት ነበር ወይስ የቲቪ ሰው?

የቀበና ልጅ፦
ሰላም ጓዶች፣ ሰሞኑን ካርል ሴጋን የሚያቀርበውን ኮስሞስ የሚለውን የ1980 (በፈረንጅ) የቲቪ ተከታታይ ማየት ጀምሬ ልቤን ወስዶታል፣ 13 ክፍል ነው። ግን ፊዚክስ የሚያስተምር አንድ ዘመዴ ሳይ አገኘኝና "እሱ እኮ አውሪ ነው እንጂ ሳይንቲስት አይደለም፣ ሃርቫርድ አባሮታል፣ የአሜሪካ ሳይንስ አካዳሚም አልቀበልም ብሎታል" አለኝ። እውነት ነው እንዴ? የምታውቁ እስኪ አስረዱኝ

ሜሮን ዘ ፒያሳ፦
አባሮታል ሳይሆን 1968 ላይ ቴኑር (ቋሚ የመምህርነት ቦታ) ከልክሎታል ነው የሚባለው። ያኔ ደግሞ ኮስሞስ ሊሰራ ገና 12 ዓመት ይቀረዋል ስለዚህ በቲቪው ነው የተጠላው የሚለው እዚህ ላይ አይሰራም። ሃሮልድ ዩሪ የሚባል የኖቤል ተሸላሚ ኬሚስት፣ የድሮ አስተማሪው ነው እንደውም፣ የሚጎዳው ደብዳቤ ጽፎበት ነበር፣ በኋላ ግን ራሱ ዩሪ ይቅርታ ጠይቆታል። ኮርኔል ዩኒቨርሲቲ ወዲያው ወሰደው እስኪሞት እዛው አስተማረ።

ሳይንሱን ካልከኝ ደግሞ ቬነስን ያዝልኝ። በ1960ዎቹ መጀመሪያ ከቬነስ የሚመጣው ሬዲዮ ሞገድ በጣም ሞቃት ነገር እንዳለ ያሳይ ነበር፣ ግን ሙቀቱ ከመሬቱ ነው ወይስ ከላይኛው አየር የሚለው ያጨቃጭቅ ነበር። ሴጋን ከመሬቱ ነው፣ ካርቦንዳይኦክሳይዱ ሙቀቱን አፍኖ ይዞት ነው አለ፣ ማሪነር 2 የምትባለው የአሜሪካ መንኮራኩር በ1962 መጨረሻ አጠገቧ ሲያልፍ የለካው ከሱ ጋር ገጠመ። ዛሬ 460 ዲግሪ ገደማ እንደሆነ እናውቃለን። ማርስ ላይ በየወቅቱ ጠቆር የሚለውንም ብዙ ሰው እጽዋት ነው ሲል እሱና ፖላክ የሚባል የስራ ባልደረባው ንፋስ የሚያንቀሳቅሰው አቧራ ነው ብለው ልክ ወጡ። ይሄ የአውሪ ስራ አይደለም ወንድሜ። አካዳሚው በ1992 አልመረጠውም እውነት ነው፣ ያው አካዳሚ በ1994 ሳይንስን ለህዝብ ላገለገለበት ሜዳልያ ሰጠው፣ እኔን የሚያናድደኝ ይሄ ነው፣ ሰውየው ለናንተ ስም ሲሰራ ጥሩ፣ ከናንተ እኩል ልቀመጥ ሲል መጥፎ!

ዳዊት_ቢ፦
ሜሮን ያልሽው ልክ ነው ግን የዘመዱም ቅሬታ ከሜዳ የመጣ አይደለም። በ1991 የኢራቅ ጦር ከኩዌት ሲወጣ ከ600 በላይ የነዳጅ ጉድጓድ አቃጠለ፣ ሴጋን ቀድሞ ቲቪ ላይ ቀርቦ ጭሱ በጣም ከፍ ብሎ ሊወጣና የደቡብ እስያን ዝናብ ሊያዛባ ይችላል ብሎ አስጠነቀቀ። ጭሱ ግን ያን ያህል ከፍ አላለም፣ ኩዌትን በጠራራ ቀን አጨለማት እንጂ የደቡብ እስያን ዝናብ አላዛባም። ኑክሌር ዊንተር (ከኑክሌር ጦርነት በኋላ ጭሱ ፀሐይን ጋርዶ ምድር ትቀዘቅዛለች) የሚለውንም በ1983 በጥቅምት ወር ለሰፊው ህዝብ በሚወጣ የጋዜጣ መጽሔት ላይ አወጣው፣ ሳይንሳዊው ጽሁፍ ገና በታህሳስ ነው የታተመው። አንድ ሳይንቲስት ጽሁፉ በሳይንስ መጽሔት ሳይታተም ለህዝብ ካቀረበ ጥያቄ ቢነሳበት ተገቢ ነው እላለሁ፣ ሚሊዮኖች እያመኑህ ስትናገር ጥንቃቄው እጥፍ መሆን አለበት

ሜሮን ዘ ፒያሳ፦
የኩዌቱን እኮ ራሱም ስህተት እንደነበር በመጽሐፉ ጽፎታል ዳዊት። ኑክሌር ዊንተር ግን ሌላ ነው፣ በ2007 በተሻለ ኮምፒውተር ሞዴል እንደገና ሲሰራ ዋናው ሀሳብ አልወደቀም። ደግሞ ሬገንና ሶቪየት ሚሳይል እየደረደሩ ባሉበት ሰዓት ዝም ብሎ ታህሳስን ይጠብቅ?

ሰላም ከሲያትል፦
እኔ ያለሁበት ከተማ ነው የሞተው፣ ታህሳስ 20 1996 በፈረንጅ፣ ፍሬድ ሃቺንሰን ካንሰር ማዕከል ይታከም ነበር፣ የደም በሽታ ይዞት እህቱ ሶስት ጊዜ መቅኔ ሰጥታዋለች፣ ገና 62 ዓመቱ ነበር። የብሩክሊን የልብስ ሰራተኛ ልጅ ነው እኮ። ለኔ ሁለቱንም ነው፣ ሳይንቲስትም የቲቪ ሰውም፣ አንዱ ሌላውን የሚሰርዝበት ምክንያት አይታየኝም። የቀበና ልጅ፣ ክፍል 4 ስለ ቬነስ ያወራል፣ ከዘመድህ ጋር ቁጭ ብላችሁ እዩትና ምን እንዳለ እዚሁ ጻፍልን