በስደት ያደገው ዘመዴ ታሪኩን ለተማሪዎቼ ይንገር ወይስ ይቅር?

መምህሩ
ሰላም እንዴት ናችሁ። ደብረ ብርሃን ነው የማስተምረው፣ ክፍሌ ውስጥ ከወለጋ ተፈናቅለው እዚሁ ቻይና ካምፕ የሚባለው የተፈናቃይ መጠለያ የሚኖሩ ልጆች አሉ። የአክስቴ ልጅ በደርግ ጊዜ ገና ህፃን ሆኖ ከእናቱ ጋር በመተማ ሱዳን ገብቶ ገዳሪፍ ነው ያደገው፣ ከዛ አሜሪካ። አሁን ለጥምቀት መጥቶ ካላናገርኳቸው እያለኝ ነው። እኔ ግን ቁስላቸውን መነካካት እንዳይሆን ፈራሁ፣ ምን ትላላችሁ?

የመንዝ ልጅ
እኔም በሱዳን ነው የወጣሁት፣ አባቴ ጎንደር ተመድቦ ሲሰራ። ይንገራቸው፣ ግን ተኩሱን አይደለም። እኔ ካምፕ ሲባል የሚመጣብኝ እናቴ በእርዳታ ዱራ፣ ማሽላ ማለት ነው፣ እንጀራ ልትጋግር ስትታገል ነው፣ አይን አያወጣላት፣ ከምጣዱ ሲነሳ ይበጣጠሳል፣ እሷ ትስቃለች እኛ እናለቅሳለን። አሜሪካ ደሞ ትምህርት ቤት በገባን ሰሞን የእሳት ልምምድ ብለው ሲደውሉ ልጁ ሁሉ እየተሳሳቀ ይሰለፋል፣ እኔ ታናሽ እህቴን ከክፍሏ ጎትቼ አጥር ዘለን ጠፋን፣ ፖሊስ ነው ፈልጎ ያገኘን። ወደ አሜሪካ የመጣንበት የአውሮፕላን ቲኬትም ነፃ እንዳይመስላቸው፣ ብድር ነው፣ ወለድ የለውም እንጂ በየወሩ ይከፈላል፣ እናቴ ሆቴል አልጋ እያነጠፈች ነው የጨረሰችው። የልደት ቀናችን ስላልታወቀ በወረቀት እኔና እናቴ ሁለታችንም ጃንዋሪ 1 ነው የተወለድነው ሃሃ።

ሮቢት
ወንድሜ በ2014 ህዳር ከሸዋሮቢት ልጆቼን ይዤ በጣርማበር አድርጌ እናንተ ጋ የገባሁ እናት ነኝ። እንግዳህ ይናገር፣ ደስ ይላል። ልጆቹን ግን ሰው ፊት "እናንተስ ምን አያችሁ" እንዳትሏቸው በእግዚአብሔር!! እኛን ካሜራ ይዞ የመጣ ሁሉ ትንሹን ልጄን ይጠይቀው ነበር፣ አንዱ እንደውም እንደገና በለው ድምፁ አልገባም አለኝ፣ ከዛ በኋላ እንግዳ ሲመጣ ሽንት ቤት መደበቅ ጀመረ። ያወራ የፈለገ ልጅ ራሱ ይመጣል።

ታች አምና
እኔ አልስማማም። የኛ ሰፈር ጎረምሳ በጅቡቲ ኦቦክ ወርዶ በጀልባ የመን እየተሻገረ እያለቀ ነው፣ ከአሜሪካ የመጣ ሰው ጫማ አይተው የሚሰሙት ሌላ ነው።

የመንዝ ልጅ
@ታች አምና ስጋትህ ልክ ነው፣ ለዛ እኮ ነው ሳይሸራርፍ መንገር ያለበት። እኛ ያኔ የሄድነው በፕሮሰስ ነው፣ በስደተኝነት ተመዝግበን ሶስተኛ አገር ተቀብሎን ማለት ነው፣ አሜሪካ በፈረንጅ 1980 የስደተኛ ህግ ካወጣች በኋላ። አሁንም በአለም ካለው ስደተኛ በአመት ሶስተኛ አገር የሚደርሰው ከመቶ አንድ አይሞላም። ደሞ በፈረንጅ 1951ዱ የስደተኞች ስምምነት ስደተኛ የሚባለው ድንበር የተሻገረ ነው፣ ቻይና ካምፕ ያለ ልጅ አገሩ ውስጥ ስለሆነ የፕሮሰሱ ፎርም እሱን አይመለከተውም። ደላላ ግን "ስምህን አስመዘግባለሁ" እያለ የእናቱን ብር ይበላል፣ ይሄን ቁርጥ አድርጎ ይንገራቸው።

መምህሩ
ተባረኩ ሁላችሁም። እንግዲያው ፎቶ የለም፣ ልጆቹንም ጠያቂ የለም፣ መቆየት ያልፈለገ ይወጣል። የደላላውን ነገር ግን ወላጆችም ቢሰሙት ሳይሻል አይቀርም፣ ቅዳሜ ልጥራቸው ይሆን?

ሮቢት
ጥራቸው እንጂ፣ ግን ከሰዓት አድርገው፣ ጠዋት ገበያ ነው።