ከጥብቅና ወደ ሴኔት፦ ፍሬድ ሪሰር 64 ዓመት እንዴት ሊቆዩ ቻሉ?

ሜሮን (ጠያቂ)፦ ጤና ይስጥልኝ። የሕግ ትምህርቴን ለመጨረስ አንድ ዓመት ይቀረኛል፤ ወደፊት ሕግ በማርቀቅ ሥራ መሰማራት ስለምፈልግ ከጥብቅና ወደ ምክር ቤት የገቡ ሰዎችን ታሪክ እያነበብሁ ነው። በአሜሪካ የዊስከንሰን ግዛት ሰው የሆኑት ፍሬድ ሪሰር እ.ኤ.አ. በ1952 በሕግ ተመርቀው በማዲሰን ከተማ ጥብቅና ሲሠሩ ቆይተው፣ በ1956 ለግዛቲቱ የታችኛው ምክር ቤት፣ በ1962 ደግሞ ለሴኔቱ ተመርጠው እስከ 2021 መጀመሪያ ድረስ አገልግለዋል። ሲገቡ 29 ዓመታቸው፣ ሲሰናበቱ 93 ዓመታቸው ነበር። በየጊዜው ለምርጫ እየቀረቡ ይህን ያህል መቆየት እንዴት ይቻላል? ሕግ ማወቃቸውስ ምን ጠቀማቸው?

ዘማዲሰን፦ እህቴ ሜሮን፣ መጀመሪያ የዊስከንሰን ሕግ የሥራ ዘመን ገደብ የለውም። ጎረቤቷ ሚሺጋን በ1992 በሕዝበ ውሳኔ ገደብ ስላበጀች እንዲህ ያለ ዕድሜ እዚያ አይታሰብም። የሴኔት ወንበር ደግሞ የአራት ዓመት ነው። ማዲሰን የግዛቲቱ ዋና ከተማና የዩኒቨርሲቲ መናኸሪያ በመሆኗ ለሪሰር ፓርቲ ለዴሞክራቶች ታደላለች፤ ስማቸውም ከቤተሰብ የወረደ ነው፣ ቅድመ አያታቸው፣ አያታቸውና አባታቸው በዚያው ምክር ቤት ተቀምጠዋል፣ የሚገርመው ግን አራቱም የተለያየ ፓርቲ አባላት ነበሩ።

ስለ ሕግ ዕውቀት ከጠየቁ የ2011ን የካቲት ይመልከቱ። የመንግሥት ሠራተኞችን የኅብረት ድርድር መብት የሚያጠብበው ረቂቅ ሲቀርብ፣ ሪፐብሊካኖች ከ33ቱ መቀመጫዎች 19ኙን ይዘው ነበር። የግዛቲቱ ሕገ መንግሥት ግን ገንዘብ ነክ ረቂቅ ለመወሰን ከአባላቱ ሦስት አምስተኛው፣ ማለትም 20 ሰው እንዲገኝ ያዛል። አንድ ሰው ብቻ ጎደለ። 14ቱ ዴሞክራቶች፣ የ83 ዓመቱን ሪሰርን ጨምሮ፣ ድንበር ተሻግረው ኢሊኖይ ገቡ፤ ስብሰባውም ለሦስት ሳምንት ያህል ምልዓተ ጉባኤ አጣ።

ተጠራጣሪ፦ ይቅርታ ይደረግልኝና፣ መጨረሻውን ለምን ዘለሉት? ተቃራኒዎቻቸው ገንዘብ ነክ የሆኑትን አንቀጾች ከረቂቁ ነጥለው አውጥተው መጋቢት 9 ቀን በሌሉበት አጸደቁት። ረጅም ዕድሜ በራሱ ሥራ አይደለም፤ በመጨረሻዎቹ ስምንት ዓመታትም በአናሳው ወገን ነበሩ።

ዘሚልዋኪ፦ የወንድሜ ነጥብ ትክክል ነው፤ ነገር ግን የምስክርነት ቃሌን ልስጥ። ከ2010 በፊት በሚልዋኪ አንድ መጠጥ ቤት ውስጥ ብርጭቆ አጣቢ ነበርሁ። ከሥራ ስመለስ ባለቤቴ ሸሚዜን በር ላይ አስወልቃ በረንዳ ላይ ታሰጣዋለች፤ ታጥቦ እንኳ የሲጋራው ሽታ አይለቅም ነበር። በሥራ ቦታዎች፣ በምግብ ቤቶችና በመጠጥ ቤቶች ማጨስን የከለከለው የግዛቲቱ ሕግ ከሐምሌ 5 ቀን 2010 ጀምሮ ሲጸና ከዋና አቅራቢዎቹ አንዱ እኚሁ ሴናተር ነበሩ።

ተጠራጣሪ፦ ይህን አልክድም። ሆኖም ያን ጊዜ ሁለቱም ምክር ቤቶች በዴሞክራቶች እጅ ነበሩ፣ አገረ ገዥው ጂም ዶይልም የፓርቲው ሰው ነበር።

ዘማዲሰን፦ እርግጥ ነው፤ ሜሮን፣ ከረቂቁ በፊት የአባላቱን ቁጥር ይቁጠሩ።

ሜሮን፦ አመሰግናለሁ። ገንዘብ ነክ የሚባለው ረቂቅ በምን እንደሚለይ ከሕገ መንግሥቱ ስምንተኛ ምዕራፍ ዛሬ ማታ አነባለሁ።