«ማማ ሚያ» ምን ቢኖረው ነው እንዲህ የሚይዘን?

የአዘዞዋ፦
ሰላም ጎንደሬዎች። ሰሞኑን ቤት ውስጥ «ማማ ሚያ» የሚባለውን የዘፈን ፊልም አየነው፣ በ2008 እ.ኤ.አ. የወጣውን። ታሪኩ ቀላል ነው። ልታገባ የተቃረበች ልጅ የእናቷን የድሮ ማስታወሻ ታነብና አባቷ ሊሆኑ የሚችሉ ሦስት ሰዎች ታገኛለች፣ እናቷ ሳታውቅ ሦስቱንም ለሰርጓ ትጠራቸዋለች። በቃ። እናቴ እንግሊዝኛ አትሰማም፣ ግን ስትስቅ ቆይታ አንድ ቦታ ላይ እንባዋ መጣ። ምን ቢኖረው ነው?

ባለማሲንቆ፦
ዘፈኖቹ ከታሪኩ ይቀድማሉ፣ ዋናው እሱ ነው። የስዊድኑ አባ ባንድ ያወጣቸው በ1970ዎቹና በ80ዎቹ መጀመሪያ ነው። ካትሪን ጆንሰን ታሪኩን በላያቸው ጽፋ ቲያትሩ ለንደን መድረክ ላይ የወጣው ደግሞ በ1999 እ.ኤ.አ.። እዚህ አዝማሪ ቤት ስትገቢ አዝማሪው የምታውቂውን ዜማ ይዞ ስንኙን ላንቺ እንደሚገጥመው ማለት ነው። ጆሮሽ ዜማውን ስለለመደው ወዲያው ትገቢበታለሽ። በፊልሙ ከሦስቱ ሰዎች አንዱን ሆኖ የሚጫወተው ፒርስ ብሮስናን ዘፋኝ አይደለም፣ ያስታውቃልም፤ ግን ከልቡ ስለሚዘፍን አብረሽው ለመዝፈን አታፍሪም።

የሙሽራ እናት፦
እታለም፣ እናትሽ የት ጋ እንዳለቀሰች ሳትነግሪኝ አውቄዋለሁ። እናትየዋ ዶና ልጇን ለሰርጉ ስታዘጋጃት ነው አይደል? እዚያ የሚዘፈነው ዘፈን መጀመሪያ ቦርሳዋን ይዛ ትምህርት ቤት ስለምትሄድ ትንሽ ልጅ ነበር፤ ፊልሙ ሰርግ ላይ አመጣው። ልጅ የዳረ ሰው እዚያ ቦታ ቋንቋ አያስፈልገውም። ለእኔ ፊልሙ የአባት ፍለጋ አይደለም። ዶና ብቻዋን ሆቴል እየሠራች ልጅ አሳድጋለች፣ ፊልሙም በዚህ አንገቷን አያስደፋትም። በእኛ አገር ሽማግሌ ሲላክ «የማን ልጅ ናት?» የሚለው ጥያቄ ስንት እናት እንዳሳቀቀ አውቃለሁ። መጨረሻ ላይ ሦስቱም ሲሶ ሲሶ አባት ለመሆን ሲስማሙ እንዴት ደስ እንዳለኝ!

የአራዳው፦
እኔ ግን ታሪኩ ሳሳብኝ። ዶና ገንዘብ ቸግሯታል ይባላል፣ ከዚያ ነገሩ ቶሎ ይረሳል። ያም ሆኖ «ዳንሲንግ ኩዊን» የሚለው ዘፈን ሲመጣ ተሸነፍኩ። ታሪኩ የሚሆንባት ደሴት ሴቶች ሥራቸውን እየጣሉ ዶናን ተከትለው ወደ ባሕሩ ሲወርዱ፣ አንዷ አሮጊት የተሸከመችውን እንጨት ስትወረውረው! እንጨት ተሸክመው ገበያ የሚወርዱ እናቶችን እያየ ያደገ ሰው ያችን ቦታ ዝም ብሎ አያልፋትም። ዕድሜያቸው የገፋ ሴቶች እንዲህ ሲጨፍሩ የሚያሳይ ፊልም ስንት አለ?

የአዘዞዋ፦
እውነት ነው እትዬ፣ እዚያው ጋ ነው ያለቀሰችው። ሁለተኛውን ክፍል ቅዳሜ ላሳያት ብዬ ነበር።

የሙሽራ እናት፦
በ2018 እ.ኤ.አ. የወጣውን? መጀመሪያ ብቻሽን እይው። እዚያ ዶና ሞታለች።