የክበባችን የነፍሳት ሳጥን ሊታይ ነው፤ ስማቸው ላይ እርዱኝ

መምህርት ከሽምብጥ፦
ሰላም ለሁላችሁ። የትምህርት ቤታችን ሳይንስ ክበብ ቅዳሜ የሦስት አፅቄዎች (የነፍሳት) ማሳያ አለው። ልጆቹ ከጣና ዳር፣ ከጓሮና ከበቆሎ ማሳ የለቀሙትን አምጥተዋል፤ የቀረኝ ከእያንዳንዱ ሥር የአማርኛውንና ሳይንሳዊውን ስም መጻፍ ነው። ያስቸገሩኝ እነዚህ ናቸው፦ ማታ ሐይቁ ዳር መብራት ላይ የሚርመሰመሱት ቀጫጭን ነፍሳት (ልጆቹ ሁሉንም «የወባ ትንኝ» ብለዋቸዋል)፣ ከበቆሎ እምብርት የወጣ ትል፣ ማንጎ ቅጠል ላይ የተለጠፈ ነጭ ነገር። የንብን ስም አውቀዋለሁ፤ ባልደረባዬ ግን «አፒስ ሜሊፌራ» ብሎ ማቆም አይበቃም፣ የሰያሚዋ ስም «ሊኒየስ» ይጨመርበት ብሎ ይሟገተኛል። መዥገርና ሸረሪት ያመጡም አሉ።

ሐይቅ ዳር፦
መምህርት፣ ከመብራት ሥር የተለቀሙት አብዛኞቹ ከወባ ጋር የሚያገናኛቸው ነገር ያለ አይመስለኝም። ኪሮኖሚዴ የሚባል ቤተሰብ አለ፤ ሲያዩአቸው ትንኝ ይመስላሉ እንጂ አይናከሱም። ትሎቻቸው ውኃ ውስጥ፣ ብዙዎቹም ከሥር ባለው ጭቃ ያድጋሉ። ከእነሱ አንዳንዶቹ ደማቅ ቀይ ናቸው፤ ሄሞግሎቢን ስላላቸው አየር ያነሰበትን ጭቃ ይችሉታል። ዓሣ ይወዳቸዋል።

አጉሊ መነጽር ካለዎት አፉን ይዩ። ትንኝ ወደፊት የወጣ ረጅም ቀጥ ያለ መውጊያ አላት፤ ኪሮኖሚዴ የለውም። በሕይወት ያለ ካገኙ ደግሞ አቀማመጡን ይመልከቱ፦ ኪሮኖሚዴ ሲያርፍ የፊት እግሮቹን ያነሳል፣ ትንኝ የኋላዎቹን። ላባ የሚመስለው አንቴና ግን እንዳያሳስትዎ፤ የሁለቱም ወንዶች አላቸው።

መውጊያ ካለው ቀጣዩ ጥያቄ የወባዋ ናት ወይስ ሌላ የሚለው ነው። ግድግዳ ላይ ጅራቷን ወደ ላይ አዘንብላ የምታርፈው አኖፌለስ ናት፤ ኩሌክስ ከግድግዳው ጋር ትይዩ ሆና ትቀመጣለች። የሞተች ላይ ይሄ አይሠራም፤ ስለዚህ ከመውጊያዋ ግራና ቀኝ ያሉትን ዘንጎች ይለኩ። የሴቷ አኖፌለስ ዘንጎች የመውጊያዋን ያህል ይረዝማሉ፣ የኩሌክሷ አጫጭር ናቸው። በአገራችን ዋናዋ የወባ አስተላላፊ አኖፌለስ አረቢየንሲስ ብትሆንም በዓይን ከቅርብ ዘመዶቿ ስለማትለይ እንደዚያ ብለው አይጻፉ። «አኖፌለስ» ብቻ ይበሉ፤ ለኪሮኖሚዴም የቤተሰቡ ስም ይበቃል። በግምት ዝርያ ከመጻፍ ይሻላል።

ሰብል ጥበቃ (ዘንዘልማ)፦
ስለ ትሉ። ግንባሩ ላይ የእንግሊዝኛው «ዋይ» ተገልብጦ የተጻፈ መስሎ ይታያል? ጀርባው ላይ፣ ወደ ጅራቱ ሲቃረቡ፣ አራት ጥቋቁር ነጥቦች አራት ማዕዘን ሠርተዋል? ሁለቱም ካሉ የአሜሪካ መጤ ተምች ነው፣ ስፖዶፕቴራ ፍሩጂፐርዳ። አገራችን የገባው በ2009 ዓ.ም. ነው። ነባሩ ተምች፣ ስፖዶፕቴራ ኤክሴምፕታ፣ በመንጋ ሆኖ ሣርና እህል እየጨረሰ የሚሄደው ነው። ልጆቹ «ተምች» ብቻ ብለው ከጻፉ የትኛው እንደሆነ ስለማይታወቅ «መጤ» የምትለዋን አይተዉ። ምልክቶቹ ከሌሉና ትሉ አገዳው ውስጥ ገብቶ የተገኘ ከሆነ ግን አገዳ ቆርቁርን ጠርጥሩ።

በነገራችን ላይ ትል በመርፌ አይሰካም፤ ይጨማደዳል፣ ይጠቁራል። ለአፍታ የፈላ ውኃ ውስጥ ይንከሩትና 70 ወይም 80 በመቶ አልኮል ባለበት ጠርሙስ ያስቀምጡት።

ባለ ማንጎ፦
ነጩ ነገር ሻጋታ እንዳይመስላችሁ፤ ራሱ ነፍሳት ነው፣ አውላካስፒስ ቱበርኩላሪስ። ክብ የሆነው የሴቷ ሽፋን ነው፤ ተጠጋግተው የተደረደሩት ጠባብና ረዘም ያሉት የወንዶቹ። እኛን አሳሩን አብልቶናል። ከቅጠሉ አትላጡት፣ ቅጠሉን እንዳለ በመጽሐፍ መካከል አድርቃችሁ ለጥፉት።

ባለ ቀፎ፦
እርስዎም ባልደረባዎም ልክ ናችሁ። የሰያሚውን ስም መጨመር ግዴታ አይደለም። ከጨመሩ ግን ቅንፍ ላይ ይጠንቀቁ። ንብን ሊኒየስ በ1758 አፒስ ብሎ ሰየማት፣ ዛሬም አፒስ ናት፤ ስለዚህ «ሊኒየስ፣ 1758» ያለ ቅንፍ ይጻፋል። ፍሩጂፐርዳን ግን ስሚዝ በ1797 ሲሰይመው ሌላ ጂነስ (የቅርብ ዘመዳም ዝርያዎች ወገን) ውስጥ ነበር፤ ኋላ ወደ ስፖዶፕቴራ ስለተዛወረ «ስሚዝ፣ 1797» ቅንፍ ውስጥ ይገባል።

ሳይንሳዊውን ስም በላቲን ፊደል ይጻፉት። የጂነሱ መጀመሪያ በትልቁ፣ ዝርያው ሙሉ በሙሉ በትንሹ። በኮምፒውተር ከሆነ ጽሑፉ ዘመም ይበል፤ በእጅ ከሆነ ሁለቱን ቃላት ለየብቻ ያስምሩባቸው። የኢትዮጵያ ንብ ሲሜንሲስ የሚል የንዑስ ዝርያ ስም በ2011 እ.ኤ.አ. ወጥቶላታል፤ ለልጆቹ ቢነግሯቸው ደስ ይላቸዋል።

መምህርት ከሽምብጥ፦
እግዚአብሔር ይስጥልኝ። ከመብራት ሥር የመጡት መውጊያ የላቸውም፣ ትሉ ላይ አራቱ ነጥቦች አሉ። መዥገሩንና ሸረሪቱን ነፍሳት ስላልሆኑ ላስወጣ ስል ግን ያመጣው ልጅ አኮረፈ። ሌላው ደግሞ ትናንት ጉንዳን ገብቶ ከአንዱ ቢራቢሮ ክንፉን ብቻ አስቀርቶልናል።

ሐይቅ ዳር፦
ልጁን አያስከፉት። ጥግ ላይ ለብቻ ያድርጓቸውና «ስምንት እግር ያላቸው» ብሎ ራሱ ይጻፍበት፤ ጎብኚ ሁሉ እግር ሲቆጥር ይውላል። ለጉንዳኑ የጠረጴዛውን እግሮች ውኃ ባለበት ጣሳ ውስጥ ያቁሙ። ሳጥኑ ውስጥ ናፍታሊን በጨርቅ ቋጥረው በመርፌ ይስኩ፤ ልጆች እንዳይነኩት ክዳኑ ይዘጋ።