ለቁስ ለዋጮች ጥበብ ገደብ ማበጀት ቸግሮኛል

በምጽፈው ልብ ወለድ ውስጥ፣ ደቀ መዛሙርት ከመምህራቸው እግር ሥር ተቀምጠው የሚማሩት፣ አንዱን ቁስ ዳስሶ ወደ ሌላ የመለወጥ ምትሃታዊ ጥበብ አለ። ዋናው ሕጉ በለውጥ ጊዜ ክብደት አይጨምርም፣ አይቀንስምም የሚል ነው። ብረት ወደ ወርቅ ሲለወጥ ይህ ሕግ ውብ ሆኖ ይሠራል፤ የብረት እፍግታ (በተወሰነ ቦታ ውስጥ የታመቀው ክብደት) በኪዩቢክ ሴንቲሜትር 7.87 ግራም፣ የወርቅ ደግሞ 19.3 ግራም ስለሆነ፣ ብረቱ በተማሪዋ መዳፍ ላይ እየተኮማተረ ከግማሹ በታች ይሆናል።

ችግሩ በተቃራኒው ነው። ያው ብረት እፍግታው 2.7 ግራም ወደሆነው አሉሚኒየም ቢለወጥ ሦስት እጥፍ ገደማ ስለሚያብጥ፣ በድንጋይ ስንጥቅ ውስጥ የገባ ሚስማር ግንብ ይሰነጥቃል፤ ማንኛውም ጀማሪ ምሽግ ማፍረስ ከቻለ ደግሞ ታሪኩ ውጥረቱን ያጣል። በክብደት ፈንታ ይዘቱ (ቁሱ የሚይዘው ቦታ) እንዲጠበቅ ሞክሬ ነበር፤ ያን ጊዜ 1 ኪሎ ብረት 2.45 ኪሎ ወርቅ ሆኖ፣ ትርፉ ከየት እንደመጣ መልስ አጣሁለት። ከለዋጯ አካል እንዲወሰድ ባደርግ ዋናዋ ገጸ ባሕርይ ከጥቂት ለውጥ በኋላ አትተርፍም።

የክብደትን ሕግ ሳልሽር፣ የሚያብጥ ቁስ የጦር መሣሪያ እንዳይሆን የሚያግድ፣ ከጥበቡ ከራሱ አሠራር የሚመነጭ ምን ዓይነት ገደብ ልደንግግ?