የቅኔ ቤትን ወግ ይዞ በዩቲዩብ መተዳደር ይቻላል?

ጠያቂ (ደብረ ማርቆስ)፦ ጤና ይስጥልኝ። ቅኔ ተምሬ የወጣሁ ስሆን አሁን በጽሕፈት ሥራ እተዳደራለሁ። የጎጃሞቹን የዋሸራን፣ የጎንጅንና የዲማን ቅኔ ቤቶች ወግ ብቻ የሚያቀርብ የዩቲዩብ ገጽ ከፍቼ ውሎ አድሮ መተዳደሪያዬ ላደርገው አስቤያለሁ። ወዳጆቼ ግን «ይህን የሚያይ ጥቂት ነው፤ ቀልድና ዘፈን ቀላቅልበት» ይሉኛል። ምን ትመክሩኛላችሁ?

መልስ (ባሕር ዳር)፦ ባይቀላቅሉበት እመርጣለሁ። ዩቲዩብ የማስታወቂያ ገቢ ለማካፈል 1,000 ተከታይና ባለፉት 12 ወራት የ4,000 ሰዓት እይታ ይጠይቃል፤ ይህን ሰዓት የሚሞላው ደግሞ መወድስ የተባለው ረጅም ቅኔ እስከ ምሥጢሩ ሲፈታ ቁጭ ብሎ የሚሰማ ታዳሚ እንጂ ነካ አድርጎ የሚያልፍ ብዙ ሰው አይደለም። ሁለት ቤት (ስንኝ) ብቻ ያለው ጉባኤ ቃና የተባለው ቅኔ ለአጭር ቪዲዮ የተመቸ ስለሆነ እንደ መጥሪያ ይጠቀሙበት፤ ሆኖም በአጭር ቪዲዮ መስመር የሚገኝ እይታ ከ4,000ው ሰዓት አይቆጠርም። የማስታወቂያ ክፍያ ተመልካቹ እንዳለበት አገር ስለሚለያይ በውጭ የሚኖረውን ወገን ማሰብም አይከፋም።

መልስ (መሪጌታ፣ ምዕራብ ጎጃም)፦ ልጄ፣ እኔን የሚያሳስበኝ ገንዘቡ አይደለም። በነገራ ሰዓት ተማሪው ለመምህሩ የሚነግረው ቅኔ ገና የሚታረም ነው፤ ያንን ቀርጸህ ብትለቀው ስሕተቱ ዕድሜ ልኩን ይከተለዋል። ስለዚህ የታረመውን ብቻ፣ ያውም መምህሩንና ባለቅኔውን አስፈቅደህና የማን እንደሆነ ተናግረህ አቅርብ፤ የሰው ቅኔ የራስ አስመስሎ ማሰማት በእኛ ዘንድ ምን ያህል ነውር እንደሆነ አንተም ታውቃለህ። ደበሎ ለብሶ አኩፋዳ ይዞ የሚለምነውን ሕፃን ደግሞ አደራህን ለማሳዘኛ አታድርገው፤ ልመናው የትምህርቱ ሥርዓት መሆኑን የማያውቅ ሰው ችግሩን ብቻ ያያል። አንድ ነገር ልጨምርልህ፦ ሰሙን ተርጉመህ ወርቁን ጥቂት ቀን አቆየው፤ ተመልካቹ በአስተያየት መስጫው እየተከራከረ ይፈልገው፤ በጉባኤም የምናደርገው ይህንኑ ነው።

መልስ (ፍኖተ ሰላም)፦ የመሪጌታን ምክር እቀበላለሁ፤ ነገር ግን የጽሕፈት ሥራዎን አሁን እንዳይተዉ። በክልላችን ከ2015 ዓ.ም. ክረምት ጀምሮ የሞባይል ኢንተርኔት ለረጅም ጊዜ ተቋርጦ እንደነበር አይዘነጋም፤ ገቢው በሙሉ በኢንተርኔት ላይ ለተንጠለጠለ ሰው እንዲህ ያለው ጊዜ ከባድ ነው። የተቀረጸ ሥራ አስቀድመው ያከማቹ፤ ቅጂውንም በሁለት ቦታ ያስቀምጡ።